ደራሲውም፣ ዳይሬክተሩም፣ ካሜራማኑም አንድ ሰው ሲሆን

አጭር ፊልም ልሥራ ብሎ የተነሳ ሰው ብዙ ጊዜ ስክሪፕቱን ራሱ ይጽፋል፣ ራሱ ዳይሬክት ያደርጋል፣ ካሜራውንም ራሱ ይይዛል። አንዳንዱ ይህን የሚያደርገው አምኖበት ነው። አብዛኛው ግን ለካሜራማን የሚከፍለው ስለሌለው ነው። ሁለቱም ምክንያት ያስኬዳል። ችግሩ የሚመጣው ሦስቱን ሥራ በአንድ ጊዜ ለመሥራት ሲሞከር ነው። ቀረጻ ላይ ቆሞ ንግግር ሲቀይር፣ ተዋናይ ሲያስረዳ፣ ፎከስ ሲጠብቅ የዋለ ሰው ማታ ቤቱ ገብቶ ሲያየው ሦስቱም ግማሽ ግማሽ ሆነው ያገኛቸዋል።

ስለዚህ ይህ መመሪያ አንድ ነገር ላይ የቆመ ነው። ሦስቱን ሥራ በቀን ለዩአቸው። ጸሐፊው ሥራውን ጨርሶ ይውጣ። ከዚያ ዳይሬክተሩ ከተዋንያኑ ጋር ያለውን ይጨርስ። ካሜራማኑ የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። ሲመጣም ብዙ የሚወስነው ነገር ሊኖር አይገባም።

የምናወራው ከ10 ደቂቃ ስለማይበልጥና በሁለት ወይም በሦስት ቀን ስለሚቀረጽ ፊልም ነው። ኦስካር እስከ 40 ደቂቃ ያለውን አጭር ፊልም ብሎ ይቀበላል። ለመጀመሪያ ሥራ ግን 40 ደቂቃ አጭር አይደለም።

1. ካሜራውን በእርግጥ መያዝ አለባችሁ?

ፊልም ሠሪዋ ጄሲካ በሽር «ፋያ ዳዪ» የተባለውን ዘጋቢ ፊልም ስትሠራ ዳይሬክተሯም፣ ጸሐፊዋም፣ ካሜራ ያዧም እሷው ነበረች። ሐረርና አካባቢዋን ለ10 ዓመት ያህል እየተመላለሰች በጥቁርና ነጭ ቀረጸች። ፊልሙ በ2021 (እ.ኤ.አ.) አሜሪካ በሚካሄደው የሰንዳንስ ፊልም ፌስቲቫል ላይ ታየ። ካሜራውን የያዘው ሌላ ሰው ቢሆን ኖሮ ሰዎቹ ያን ያህል የሚቀርቡ አይመስለኝም። ኃይሌ ገሪማ ደግሞ ይጽፋል፣ ዳይሬክት ያደርጋል፣ ኤዲት ያደርጋል። በ1974 (እ.ኤ.አ.) «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን ሀገር ቤት በሁለት ሳምንት ሲቀርጽ ግን ካሜራውን የያዘው ሌላ ሰው ነበር። ሁለት ሳምንት ብቻ ያለው ዳይሬክተር ከካሜራ ጋር ሊታገል አይችልም።

ለእናንተም ምርጫው ከዚህ ብዙ አይርቅም። ሰዉ ጥቂት ከሆነና ጊዜ ካላችሁ ካሜራውን ያዙ። ተዋናይ በዝቶ ቀን ካጠረ የአክስት ልጅም ቢሆን ያዘው በሉትና እናንተ ሰዉን እዩ።

2. ስክሪፕቱ፦ ያላችሁን ቆጥራችሁ ጻፉ

ከመጻፋችሁ በፊት አንድ ወረቀት ላይ ያላችሁን ዘርዝሩ። እንደ ልብ የምትገቡባቸው ቤቶች፣ የአጎት ጋራዥ፣ የጓደኛ ፀጉር ቤት፣ የተዘጋ ሱቅ። ቀጥሎ ሰዎች፦ ካሜራ ፊት የማይጨነቅ ማን አለ? ቀጥሎ ዕቃ፦ አሮጌ ቮልስዋገን፣ የልብስ ስፌት መኪና፣ አንድ በግ። ታሪኩን ከዚህ ዝርዝር ውስጥ ፈልጉት። ታሪክ ጽፎ ቦታ ፍለጋ መውጣት ገንዘብ ላለው ሰው ነው። ስክሪፕታችሁ ውስጥ ሆስፒታል፣ ፍርድ ቤት፣ ፖሊስ ጣቢያ ወይም አውሮፕላን ማረፊያ ካለ አሁኑኑ አውጡት። ፈቃዱ ብቻ ከፊልሙ በላይ ጊዜ ይበላል።

ሰው ከሁለት እስከ ሦስት፣ ቦታ አንድ ወይም ሁለት ይሁን። ጊዜው በተቻለ መጠን ቀን ይሁን። ሌሊት መብራት ይፈልጋል፤ መብራት ደግሞ የሚያቆመው ሰው ይፈልጋል።

የስልክ ንግግር አትጻፉ። እኛ ጋ ታሪክን በስልክ መተረክ ልማድ ሆኗል። «ሄሎ... ምን? መቼ?... በቃ መጣሁ።» ተመልካቹ የሆነውን ሁሉ አወቀ፤ ያየው ግን ስልክ የያዘ ሰው ብቻ ነው። ቡና የሚፈላበት ትዕይንትም እንዲሁ ነው። ጀበናዋ ታሪኩ ውስጥ ሥራ ከሌላት ትቀመጥ።

ንግግሩን እንደ ሰው አስወሩት። ወያላው እንደ ዜና አንባቢ አያውራ። ደግሞ አማርኛ ራሱ የሚሠራላችሁ ሥራ አለ። አንዱ ሌላውን አንተ፣ አንቺ፣ እርስዎ፣ አንቱ ማለቱ ብቻውን ግንኙነታቸውን ይናገራል። ፊልሙን ሙሉ አባቷን «አንተ» ስትል የቆየች ልጅ መጨረሻ ላይ «እርስዎ» ብትለው ሌላ ማብራሪያ አያስፈልግም። ሁለት ገጽ ጭቅጭቅ ከመጻፍ ይህ ይሻላል።

አንድ ገጽ አንድ ደቂቃ ነው የሚባለው ልኬት የመጣው ከእንግሊዝኛ ስክሪፕት አቀማመጥ ነው። በአማርኛ በተጻፈ ገጽ ላይ አትመኑት። የስልካችሁን ሰዓት ቆጣሪ ከፍታችሁ ጮክ ብላችሁ አንብቡ። ሰውየው በሩን እስኪከፍት፣ ጫማውን እስኪያወልቅ ያለውንም ጊዜ ቁጠሩት። 10 ደቂቃ ነው ያላችሁት 16 ሆኖ ሊገኝ ይችላል።

ስክሪፕቱ የሚዘጋበትን ቀን ቀድማችሁ ወስኑ። ቀረጻው ሊጀመር 2 ሳምንት ሲቀረው ቢሆን ጥሩ ነው። ከዚያ በኋላ ጸሐፊው የለም። ተዋናይ «ይሄ ነገር አልዋጥልህ አለኝ» ካለ ዳይሬክተሩ ይቆርጥለታል እንጂ ጸሐፊው ተመልሶ አዲስ ነገር አይጨምርም።

3. ልምምድ፦ ዳይሬክቲንጉ ያለው እዚህ ነው

ቀረጻ ላይ ዓይናችሁ ስክሪኑ ላይ ነው። ፍሬሙን ታያላችሁ፣ ፎከሱን ታያላችሁ፣ ትወናውን ግን በደንብ አታዩትም። ስለዚህ ዋናው የዳይሬክተር ሥራ ካሜራው ከመምጣቱ በፊት ማለቅ አለበት።

ከተቻለ የሚቀረጽበት ቤት ውስጥ ተለማመዱ። ቁጭ ብሎ ማንበብ አንድ ጊዜ ይበቃል። ከዚያ ተነስተው ይንቀሳቀሱ። የት ይቆማሉ? መቼ ይቀመጣሉ? ብርጭቆውን በየትኛው እጅ ያነሳሉ? ልምምዱን በስልክ ቅረጹትና ማታ እዩት። የትኛው ንግግር እንደሚበዛ እዚያው ይታያችኋል።

ከቲያትር መድረክ የመጣ ተዋናይ ድምፁ የመጨረሻው ወንበር ድረስ እንዲደርስ የሠለጠነ ነው። «ድምፅህን ቀንስ» ብቻ ብትሉት ጉልበቱም አብሮ ይወርዳል። ይልቅ ምክንያት ስጡት፤ ጓዳ ውስጥ የተኛ ሕፃን አለ በሉት። ተውኖ የማያውቅ ሰው ደግሞ ሌላ ዘዴ ይፈልጋል። ንግግሩን በቃሉ አታስጠኑት። ነገሩን ንገሩት፣ በራሱ አፍ ይበለው። እጁ ሥራ ይያዝ፦ ሽንኩርት ይክተፍ፣ ጫማ ይጥረግ። እጁ ሥራ የያዘ ሰው ካሜራውን ይረሳል።

አንጋፋ ተዋናይን በሰው ፊት «ልክ አይደለም፣ እንደገና» ማለት ለወጣት ዳይሬክተር ይከብዳል። ጠጋ ብላችሁ፣ ድምፃችሁን ዝቅ አድርጋችሁ ተናገሩ። «ጋሼ፣ የካሜራ ችግር ነበር፣ አንዴ ይድገሙልኝ» የሚለውን ዘዴ ሁሉም ያውቀዋል፣ ጋሼም ያውቁታል። ይሠራል ግን።

4. ሾቶቹን በወረቀት ላይ ጨርሱ

ቤቱን ከላይ ወደ ታች እንደሚታይ አድርጋችሁ ሳሉት። ሥዕል ባትችሉም አራት ማዕዘን መሳል አያቅትም። መስኮት፣ በር፣ አልጋ፣ ተዋናዩ የሚሄድበት መስመር። ካሜራው የሚቆምባቸውን ቦታዎች በቁጥር ምልክት አድርጉ። ለአንድ ክፍል ከ5 ቦታ በላይ ከሆነ አብዝታችኋል።

ከዚያ ሾቶቹን፣ ማለትም ካሜራው አንዴ ተከፍቶ እስኪዘጋ የሚቀርጻቸውን ቁራጮች፣ በሦስት ክፈሏቸው። ያለነሱ ታሪኩ የማይገባ፣ ቢኖሩ የሚያምር፣ ጊዜ ከተረፈ የሚቀረጽ። የመጀመሪያዎቹ ከምሳ በፊት ያልቁ። ካሜራውን ራሱ ይዞ፣ ብርሃኑን ራሱ አስተካክሎ በቀን ከ12 እስከ 15 ሾት የጨረሰ ሰው ጎበዝ ነው። አቀራረጹ በታሪኩ ቅደም ተከተል ሳይሆን በካሜራው አቅጣጫ ይሁን። ወደ መስኮቱ የሚያዩት አንድ ላይ፣ ወደ በሩ የሚያዩት አንድ ላይ።

ሰዓቱን የምትወስንላችሁ ፀሐይ ናት። አዲስ አበባ ከምድር ወገብ ወደ ሰሜን 9 ዲግሪ ገደማ ላይ ስለሆነች ፀሐይዋ ቶሎ አናት ላይ ትወጣለች። በሚያዝያ መጀመሪያና በነሐሴ መጨረሻ ገደማ እኩለ ቀን ላይ ጥላችሁ እግራችሁ ሥር ነው። ከረፋዱ 4 ሰዓት እስከ ቀኑ 9 ሰዓት ደጅ የቆመ ሰው ዓይኑ ጥቁር ጉድጓድ ይሆናል። ስለዚህ የደጁን ከጠዋቱ 1 ሰዓት እስከ 3 ሰዓት ተኩል፣ ወይም ከ10 ሰዓት በኋላ ቅረጹ። መሀሉን ለቤት ውስጥ አድርጉት። ፀሐይ ከገባች በኋላ ያለው ሰማያዊ ብርሃን ግማሽ ሰዓት እንኳ አይሞላም። እዚያ ሰዓት ላይ ሦስት ሾት አቅዶ የሚመጣ ሰው አንዱን ይዞ ይመለሳል።

መንገድ ላይ ልትቀርጹ ከሆነ የትብብር ደብዳቤ ያዙ። የከተማውን ባህልና ኪነ ጥበብ ቢሮ ጠይቁ፣ ከዚያ ወረዳውንና የአካባቢውን ፖሊስ አሳውቁ። ብዙ ኮፒ ይኑራችሁ። ባንክ፣ ኤምባሲና የመንግሥት መሥሪያ ቤት አጥር አጠገብ ካሜራ አታንሱ። ድሮን ያለ ኢንፎርሜሽን መረብ ደህንነት አስተዳደር ፈቃድ አይነሳም። ለአጭር ፊልምም አያስፈልግም፤ ከሰማይ የታየች አዲስ አበባን ሁሉም አይቷታል።

5. ካሜራው፦ አንዴ አስተካክሉና እርሱት

የትኛው ካሜራ ይሻላል የሚለው ጥያቄ ከሁሉም በላይ ይጠየቃል፣ ከሁሉም ያነሰ ይጠቅማል። ያላችሁን ያዙ። ገንዘብ ካለ ካሜራ ከመከራየት ሌንስ ተከራዩ። ሌንስ ከመከራየት ደግሞ ጥሩ ማይክ።

የሀገራችን መብራት 220 ቮልት፣ 50 ኸርዝ ነው። ስለዚህ በሰከንድ 25 ፍሬም (ምስል)፣ ሻተር (እያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚያገኝበት ጊዜ) 1/50 ሰከንድ አድርጉ። አንዳንድ ካሜራ ሲገዛ ኤንቲኤስሲ በሚባለው የአሜሪካ የቪዲዮ ሥርዓት ላይ ሆኖ ይመጣል። ለ50 ኸርዝ ወደሚሆነው ፓል ካልቀየራችሁት 25 የሚለው ምርጫ ጭራሽ አይታይም። በ30 ፍሬም በ1/60 ከቀረጻችሁ ፍሎረሰንቱና ርካሹ ኤልኢዲ አምፖል ምስሉ ላይ ይርገበገባል። እሱን በኤዲቲንግ ማጥፋት ራስ ምታት ነው። ዋሽንግተን ሆናችሁ ለምትቀርጹ ግን መብራቱ 60 ኸርዝ ስለሆነ ሻተሩ 1/60 ይሁን። ሳዑዲም 60 ነው። እስራኤል፣ ዱባይና አውሮፓ እንደ እኛው 50 ናቸው።

ዋይት ባላንሱን (የቀለም ሚዛኑን) አውቶ ላይ አትተዉት። ሰውየው ከመስኮት ወደ ጓዳ ሲሄድ ቀለሙ መሀል ላይ ይቀየራል። ለቀን ብርሃን 5600 ኬልቪን፣ ለቢጫ አምፖል 3200 ገደማ አድርጉ፣ ከዚያ አትንኩት። ፎከስ የሚይዝላችሁ ሰው ስለሌለ የሌንሱን ቀዳዳ እስከ መጨረሻው አትክፈቱ። ጀርባው የደበዘዘ ምስል ያምራል፤ ተዋናዩ ጭንቅላቱን አንዴ ዘንበል ሲያደርግ ግን እሱም ይደበዝዛል። ቀዳዳውን ኤፍ 4 ወይም 5.6 ላይ አድርጉት። 35 ወይም 50 ሚሊ ሜትር የሆነ አንድ ሌንስ ለሙሉ ፊልሙ ይበቃል። ደጅ ሻተሩ 1/50 ላይ ቆሞ ምስሉ ከነጣ መፍትሔው ሌንሱ ፊት የሚገጠመው ጠቆር ያለ መስታወት፣ ኤንዲ ፊልተር ነው እንጂ ሻተሩን ማፍጠን አይደለም።

የእኛ ሀገር የብርሃን ፈተና ነጠላ ነው። ጠይም ፊት፣ ነጭ ነጠላ፣ ከኋላ የሚያንጸባርቅ ሰማይ። ካሜራው በራሱ ከተተወ ነጠላውን ያይና ፊቱን ያጠቁረዋል። እናንተ ብርሃኑን ለፊቱ ለኩ። ከዚያ የነጠላው ሽመና እስኪጠፋ ድረስ እንዳይነጣ ሴትዮዋን አንቀሳቅሱ፤ ከፀሐይ አውጥታችሁ በረንዳ ጥላ ሥር፣ ፊቷ ወደ ክፍት ሰማይ ዞሮ። ካሜራችሁ ዜብራ (ከመጠን በላይ የነጣውን ቦታ በመስመር የሚያሳይ ምልክት) ካለው ክፈቱት። ነጠላው ላይ የሰያፍ መስመር ከታየ ቀንሱ። የአልባሳት ምርጫው በእጃችሁ ከሆነ ደግሞ አዲስ የታጠበ ነጭ ነጠላ አታስለብሱ፤ ትንሽ የተለበሰ፣ ወዛ ያለ ነጠላ ለካሜራም ለታሪክም ይሻላል።

ቤት ውስጥ መብራት ሳይሆን መስኮት ተጠቀሙ። ፀሐይ በቀጥታ ከገባ መስኮቱ ላይ አቡጀዲ ወጥሩበት፤ ብርሃኑ ይለሰልሳል። ከተዋናዩ በሌላኛው ጎን ነጭ አንሶላ ወይም ነጭ ፎም ብታቆሙ ጥላው ይቀላል። ጥላው እንዲከብድ ከፈለጋችሁ በአንሶላው ፈንታ ጥቁር ጨርቅ አድርጉ። ብዙ ሰው መብራት ተከራይቶ ክፍሉን በሙሉ ያበራና የስቱዲዮ ቃለ መጠይቅ ያስመስለዋል።

6. ድምፅን ለሌላ ሰው ስጡ

ሦስቱን ሥራ ያዙ። አራተኛውን ግን አትንኩ። እዚህ ላይ ድርድር የለኝም። ጆሮው ላይ ኸድፎን ያደረገ፣ ሌላ ምንም ሥራ የሌለው አንድ ሰው ይኑር። ባለሙያ ባይሆን እንኳ ታናሽ ወንድማችሁ ይሁን። ሥራው «ይሄ አይሰማም» ማለት ነው። ሲልም አትቆጡት። ተመልካች የጨለመ ምስልን ሆን ተብሎ ነው ብሎ ያልፋል። የማይሰማ ንግግርን ግን ሁለት ደቂቃ አይታገስም።

የካሜራው የራሱ ማይክ ድምፁን ከምስሉ ጋር ለማመሳሰያ ብቻ ነው። ቡሙ (በዘንግ ላይ የሚያዘው ማይክ) ከአፍ 50 ሴንቲ ሜትር ያህል ርቆ፣ ከፍሬም ወጣ ብሎ ከላይ ይምጣ። ልብስ ላይ የሚሰካውን ማይክ ነጠላ ሥር ከደበቃችሁት ይንኮሻኮሻል። ሸሚዝ ሥር በፕላስተር ለጥፉት። ሰውየው ጮክ ሲል የመቅጃው የድምፅ ጠቋሚ ከዜሮ በታች 12 ዴሲቤል አካባቢ እንዲቆም አድርጉ። ጩኸት ያለበት ትዕይንት ካለ ከዚያም ዝቅ አድርጉ። የተሰነጠቀ ድምፅ አይመለስም።

ከቀረጻው በፊት አንድ ቀን፣ በዚያው በምትቀርጹበት ሰዓት፣ ቦታው ላይ ቁጭ ብላችሁ አዳምጡ። ወፍጮ ቤት አለ? የሚገነባ ፎቅ አለ? አዛን ስንት ሰዓት ላይ ነው? ቤቱ ቅዱስ ሚካኤል ቤተ ክርስቲያን አጠገብ ከሆነ በወሩ 12ኛ ቀን አትቅረጹ። ማርያም ከሆነች 21ኛውን ተዉት። ከሰኔ እስከ መስከረም ደግሞ ቆርቆሮ ጣሪያ ሥር ንግግር ያለበት ትዕይንት አታስቡ። ዝናቡ ሲጀምር ተዋናዩ አፉን ብቻ ሲያንቀሳቅስ ነው የምታዩት።

ፍሪጁን ከሶኬት ንቀሉት። መልሳችሁ መሰካት እንዳትረሱ የመኪና ወይም የቤት ቁልፋችሁን ፍሪጁ ውስጥ አስቀምጡ። ቀረጻው ሲያልቅ ሁሉም ባለበት ዝም ብሎ ይቁምና የክፍሉን ባዶ ድምፅ ለ1 ደቂቃ ቅዱ። ኤዲቲንግ ላይ ንግግር ስትቆርጡ ክፍተቱን የሚሞላው እሱ ነው።

7. የቀረጻው ቀን

ካሜራውን ትራይፖድ ላይ አስቀምጡ። ፍሬሙን፣ ፎከሱን፣ ብርሃኑን አስተካክሉ። ተዋናዩ አንዴ ይለፍበት። ከዚያ ሪከርድ ነክታችሁ ከስክሪኑ ዞር በሉና ሰውየውን በዓይናችሁ እዩት። ካሜራማኑ ሥራውን ጨርሶ ሄዷል፤ አሁን ያላችሁት ዳይሬክተሩ ናችሁ። ካሜራው በእጅ መያዝ ካለበት ቢያንስ ሁለት ጊዜ ቅረጹ። አንዱ ላይ ስለ ምስሉ ብቻ አስቡ፣ ሌላው ላይ ስለ ትወናው ብቻ።

«ከት» ለማለት አትቸኩሉ። ንግግሩ ካለቀ በኋላ 5 ሰከንድ ጠብቁ። ተዋናዩ አለቀ ብሎ ትንፋሹን ሲለቅ የሚታየው ፊት ብዙ ጊዜ ከተለማመደው ይበልጣል። ድምፁ በሌላ መሣሪያ የሚቀዳ ከሆነ በየሾቱ መጀመሪያ ካሜራው ፊት አጨብጭቡ፣ የሾቱንም ቁጥር ተናገሩ። እያንዳንዱ ሾት ሲያልቅ የልብሱንና የዕቃውን አቀማመጥ በስልክ ፎቶ አንሱ። እግረ መንገዳችሁንም ለፖስተር የሚሆኑ ጥራት ያላቸው ፎቶዎች አንሱ፤ በኋላ ከቪዲዮ ላይ የተቆረጠ ምስል ያሳፍራል።

ሰዉን አብሉ። ረቡዕና ዓርብ ከሆነ ማን እንደሚጾም ቀድማችሁ ጠይቁ። የትራንስፖርት ብር በዕለቱ ይሰጥ። ባትሪዎቹን ከማታ ጀምሮ ሙሏቸው፤ መብራት ሊሄድ እንደሚችል ለማንም አይነገርም።

በሰከንድ 100 ሜጋቢት የሚቀርጽ ካሜራ በሰዓት 45 ጊጋባይት ገደማ ይበላል። ዲስካችሁን በዚያ አስሉ። ካርዱን ከማጥፋታችሁ በፊት ሁለት ሃርድ ዲስክ ላይ ገልብጡ፣ ጥቂት ፋይሎችን ከፍታችሁም እዩ። ሁለቱን ዲስኮች በአንድ ቦርሳ ይዛችሁ ታክሲ አትሳፈሩ።

8. ኤዲቲንግ

አንድ ሁለት ሳምንት አትንኩት። ያንን ሾት ለማግኘት የከፈላችሁትን ላብ እስክትረሱ ነው። ተመልካች ላቡን አያይም፣ ከታሪኩ ጋር የማይሄድ ሾት ብቻ ነው የሚያየው። ዳቪንቺ ሪዞልቭ ነፃው ስሪት እስከ 4ኬ ያወጣል፣ ለዚህ ሥራ ከበቂ በላይ ነው። ኮምፒውተራችሁ ደካማ ከሆነ ፋይሎቹን በዝቅተኛ ጥራት ገልብጦ የሚያሠራውን ፕሮክሲ ተጠቀሙ።

የመጀመሪያውን ቅንብር ያለ ሙዚቃ ሥሩ። ሙዚቃ የደከመ ትዕይንትን ይሸፍናል፣ እናንተም ታምናላችሁ። ከዚያ ስክሪፕቱን ላላነበበ ሰው አሳዩት። «እንዴት ነው?» ብላችሁ አትጠይቁ። ሀበሻ «አሪፍ ነው» ብሎ ያልፋችኋል። «ታሪኩን ንገረኝ» በሉት። የሚሳሳትበት ቦታ ላይ ነው ሥራው ያለው።

የሳብታይትሉን (ከምስሉ ሥር የሚወጣውን የትርጉም ጽሑፍ) ረቂቅ ራሳችሁ አውጡ፣ የሚተረጎምበትን ቋንቋ በደንብ የሚያውቅ ሰው ደግሞ ያርመው። በአንድ ጊዜ ከሁለት መስመር አይብለጥ፣ መስመሩም ከ42 ፊደል ገደማ አይለፍ። በምስሉ ላይ ከማተም ይልቅ ጽሑፉንና የሚወጣበትን ሰዓት ብቻ በሚይዝ በኤስአርቲ ፋይል ለብቻ አስቀምጡት።

9. ወረቀት

የተዋናይ ስምምነት ከቀረጻው በፊት ይፈረም። በኋላ ፊልሙ አንድ ቦታ ከደረሰ ፊርማ መለመን ይከብዳል። አንድ ገጽ ይበቃል፦ ስም፣ ክፍያ፣ ምስሉን የትም የማሳየት መብት። የቤቱ ባለቤትም ይፈርም።

ሙዚቃ ላይ አትቀልዱ። በአዋጅ ቁጥር 410/1996 መሠረት የደራሲው መብት በሕይወት ዘመኑና ከሞተ በኋላ ለ50 ዓመት ይጠበቃል። የድሮ ዘፈን ነው፣ ማን ያውቃል ማለት አይሠራም። የሕዝብ ዜማ ቢሆን እንኳ የምትጠቀሙት ቅጂ የተጫወተውና ያስቀዳው ሰው መብት አለበት። ማሲንቆ የሚጫወት ሰው ፈልጋችሁ ለፊልሙ ብላችሁ አስቀዱ፣ ክፈሉት፣ አስፈርሙት። ከታዋቂ ዘፈን ይልቅ ለፊልሙም የሚቀርበው ያ ነው።

10. ፊልሙ ወዴት ይሂድ፣ እንጀራስ?

ዩቲዩብ ላይ ለመጫን አትቸኩሉ። ብዙ ፌስቲቫሎች በይፋ ያልታየ ፊልም ይፈልጋሉ፣ አንዴ ከተጫነ ደግሞ አይመለስም። መጀመሪያ ለፌስቲቫል ላኩ፤ አብዛኛው ማመልከቻ ፊልምፍሪዌይ የሚባለው ድረ ገጽ ላይ ነው። የማመልከቻ ክፍያው ከከበዳችሁ ለአዘጋጆቹ ጻፉና እንዲያስቀሩላችሁ ጠይቁ፤ ከአፍሪካ ለሚላክ ሥራ የሚተዉ አሉ። ቡርኪና ፋሶ፣ ኡጋዱጉ የሚካሄደው የአፍሪካ ፊልም ፌስቲቫል ፌስፓኮ ከ1969 (እ.ኤ.አ.) ጀምሮ ያለ ነው፤ በየሁለት ዓመቱ ስለሚመጣ የማመልከቻ ቀኑን አስቀድማችሁ ያዙ። በ2009 (እ.ኤ.አ.) የኃይሌ ገሪማ «ጤዛ» ዋናውን ሽልማት የወሰደው እዚያ ነው። ለሁሉም የሚሆን አንድ ፎልደር ይኑራችሁ፦ ፊልሙ፣ ኤስአርቲው፣ ፖስተር፣ ሦስት ፎቶ፣ በሁለት ዓረፍተ ነገር የተጻፈ ጭብጥ፣ ስለ ራሳችሁ አንድ አንቀጽ።

አጭር ፊልም ገንዘብ አያመጣም። ገንዘቡ ያለው ሰርግ ላይ፣ ማስታወቂያ ላይ፣ የድርጅቶች ዘጋቢ ፊልም ላይ ነው። ሰርግ ቀረጻን የሚንቅ ፊልም ሠሪ አይገባኝም። ሰርግ ሁለተኛ ቴክ (ድጋሚ ቀረጻ) የለውም። ከጨለማ አዳራሽ ወደ ፀሐይ፣ ከነጭ ቬሎ ወደ ጥቁር ሱፍ በሰከንድ ውስጥ መሄድ የሚያስተምር ሌላ ትምህርት ቤት አላውቅም። ከደንበኛ ጋር ግን በወረቀት ተስማሙ። ግማሹ በቅድሚያ ይከፈል፣ ስንት ጊዜ ማስተካከያ እንደሚደረግ ይጻፍ፣ ቀሪው ሳይከፈል የመጨረሻው ፋይል አይሰጥ።

ሰርጉ ራሱ የፊልማችሁን ቀን መቁጠሪያ ይሰጣችኋል። ጥር የሰርግ ወር ነው፣ ከፋሲካ በኋላም እንደገና ይጀምራል። በዐቢይ ጾም ሰርግ ስለማይበዛ ካሜራውም፣ ቡም የሚይዝላችሁ ጓደኛም ያኔ ይፈታሉ። ሰማዩም ገና አልደፈረሰም፣ ምሳውም ለሁሉም በየዓይነቱ ነው። ስለዚህ ስክሪፕቱን በገና ዝጉት። ጥርን ሰርግ ቅረጹ፣ በየመሀሉ ከተዋንያኑ ጋር ተለማመዱ። ፊልሙን በሁዳዴ ቅረጹት። ከፋሲካ በኋላ ቀን ቀን ሰርግ፣ ማታ ማታ ኤዲቲንግ። ሐምሌ ላይ ዝናቡ ቤት ሲያስቀምጣችሁ ሳብታይትሉንና የፌስቲቫል ማመልከቻውን ጨርሱ።